ዓሣ ዶሮ አይደለም፤ በእራት ዓሣ ላይ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ጎንደር ያደግን ሰዎች የወጥ ቤት እጃችን የሠለጠነው በዶሮና በበሬ ሥጋ ነው። ጣና ሩቅ ሆኖ አይደለም፤ አዘዞንና ቆላ ድባን አልፎ ጎርጎራ ለመድረስ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢሆን ነው። ግን ዓሣ ብዙ ቤት የሚገባው «ዛሬ ደግሞ ምን ይሠራ?» ሲባል ብቻ ነው። እኔም ትዳር በያዝኩ ሰሞን ለአማቴ የጠበስኩትን ዓሣ እስከ ዛሬ አልረሳውም። እንደ ዶሮ አጥቤ፣ እንደ በሬ ጥብስ አድርቄ፣ እንደ ወጥ አማስዬ አቀረብኩላቸው። ጨዋ ሰው ናቸውና «እጅሽ ይባረክ ልጄ» ብለው ሁለት ጊዜ ጎረሱና ወደ ሽሮው ዞሩ።

በኋላ ያረመችኝ የጣና ዳሯ የደምቢያ ልጅ የሆነች ጎረቤቴ ናት። ዓሣ በሃያ ደቂቃ የሚደርስ እራት መሆኑን ያየሁት እሷ ቤት ነው። ስህተቶቼን ስቆጥራቸው ከሞላ ጎደል ሁሉም የመጡት ከአንድ ቦታ ነበር፤ ዓሣን እንደ ሌላ ሥጋ ከማየት።

በስሙ ተታሎ መግዛት

«ነጭ ዓሣ» ብላችሁ ብትጠይቁ ነጋዴው የሚሰጣችሁ እናንተ ያሰባችሁትን ላይሆን ይችላል። ከጣና በብዛት የሚወጡት ቀረሶ፣ አምባዛና ነጭ ዓሣ ናቸው። ቀረሶ ቲላፒያ የምንለው ነው። ነጭ ዓሣ የሚባለው ደግሞ የባርበስ ወገን ሲሆን፣ 15 ያህል ዝርያዎቹ ከጣና በቀር በዓለም ላይ የትም የሉም። 40 ሜትር ገደማ የሚወርደው ጢስ ዓባይ ከታችኛው የዓባይ ዓሣ ለይቷቸው ለብቻቸው የተባዙ ናቸው። ጣዕሙ ግሩም ነው። ችግሩ በሥጋው ውስጥ እንደ መንሽ የተሰነጠቀ፣ እንደ ፀጉር የቀጠነ አጥንት መሙላቱ ነው፤ ፊሌቶ ቢወጣም አጥንቱ ከሥጋው ጋር ይቀራል። ጊዜ ላለው ሰው፣ በቢላ ጥቅጥቅ አድርጎ ተልትሎ ለሚጠብሰው ወይም ዱለት ለሚያደርገው ጥሩ ነው። ከሥራ ገብቶ ልጆች ለሚያበላ ሰው ግን እራቱ አጥንት ለቀማ ይሆንበታል።

ለፈጣን እራት ቀረሶ ግዙ። ሥጋው ነጭ፣ ስቡ ትንሽ፣ የጎን አጥንቱ ከወጣ በኋላ ንጹሕ ነው። አምባዛ ቀላ ያለና ስብ ያለው ስለሆነ በርበሬ ይሸከማል፤ ቅርፊት የለውም ብለው የማይበሉት ቤቶችም አሉና እንግዳ ካለ አስቀድሞ መጠየቅ ነው።

«ትኩስ ነው?» ብሎ መጠየቅ

«አይደለም» የሚል ነጋዴ አላጋጠመኝም። «መቼ ገባ?» ብሎ መጠየቅ ይሻላል፤ ከዚያ በገዛ ዓይን ማየት። ሙሉ ዓሣ ከሆነ ዓይኑ ወጣ ያለና የጠራ፣ ስንጥቡ ሲገለጥ ቀይ፣ ሥጋው በጣት ሲጫኑት መልሶ የሚነሳ መሆን አለበት። ፊሌቶ ሲሆን ዓይኑም ስንጥቡም ስለሌለ ማታለል ይቀላል። ጠርዙ ቢጫ ብሎ ከደረቀ፣ ሥጋው በራሱ ጊዜ ከተሰነጣጠቀ፣ ወይም ሲነኩት የሚያሟልጭ ከሆነ ተዉት። ትኩስ ዓሣ የሐይቅ ውሃ ይሸታል እንጂ አይከረፋም። ቅዳሜ ገበያ የምትሄዱ ከሆነ ሽንኩርቱንና ድንቹን ቀድማችሁ ገዝታችሁ ዓሣውን መጨረሻ ያዙ፤ በፀሐይ ሁለት ሰዓት ከተንከራተተ በኋላ ምንም ቅመም አያነሳውም።

በረዶ ሆኖ ከተቀመጠ ከማታው ጀምሮ ፍሪጅ ውስጥ ይፍታ። ከረሳችሁት ፌስታል ውስጥ በደንብ አስራችሁ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ንከሩት። ሙቅ ውሃ ላዩን ቀቅሎ ውስጡን በረዶ ይተወዋል።

እንደ ዶሮ ማጠብ

ይሄ የኛ የጎንደር ሴቶች ትልቁ ስህተት ነው፤ የመጣውም ከጥሩ አስተዳደግ ነው። ዶሮ በሎሚ፣ በጨው፣ አንዳንዱ ቤት በዱቄት ጭምር እየታሸ፣ ውሃው ኩልል እስኪል ካልታጠበ ባለሙያ አያስብልም። እኔም ዓሣውን በሎሚና በጨው አሽቼ ሰዓት ሙሉ ዘፍዝፌው ነበር። ሳወጣው ሥጋው ነጥቶና ጠጥሮ፣ የተቀቀለ መስሎ አገኘሁት። በእርግጥም ሎሚ የዓሣን ሥጋ ያለ እሳት ያጠጥረዋል። እንዲህ የቆየ ዓሣ መጥበሻ ላይ ሲወጣ እንደ ዳቦ ፍርፋሪ ይበተናል። ደግሞ እንደ በሰለ መስሎ ቢታይም አልበሰለም፤ ሎሚ ትሉንም ጀርሙንም ይገድላል ብላችሁ አትመኑ፤ የሚያስተማምነው እሳት ነው።

የምንሸሸው ጠረን የሚመጣው በአብዛኛው ከሌላ ቦታ ነው። የቀረሶን ሆድ ስትከፍቱ ውስጡን የለበሰ ጥቁር ስስ ሽፋን አለ፤ በአከርካሪው ሥር ደግሞ የረጋ ደም ተጋድሞ ይገኛል። ሁለቱን በቢላ ጫፍ ፋቁና በቀዝቃዛ ውሃ አንዴ አለቅልቁት። ፊሌቶ ከሆነ ያም ብዙ ነው። ሎሚው ቀርቶ አይደለም፤ ቦታው ሳህኑ ላይ ነው፣ ሊበላ ሲል። ጠረን የሚያጠፋበት ጉልበቱ ያን ጊዜም አይለየውም፤ የተረፈውን ልጣጭ እጃችሁን እሹበት።

እርጥቡን ዘይት ውስጥ መጣል

ከታጠበ በኋላ መድረቅ አለበት። በንጹሕ ጨርቅ ወይም በሶፍት ግራና ቀኙን ተጫኑት። እርጥብ ዓሣ ዘይት ይረጫል፣ ዘይቱን ያቀዘቅዛል፣ ከመጥበሻው ጋር ይጣበቃል፤ ከዚያ ስናላቅቀው ቆዳው ወዲያ ሥጋው ወዲህ ይሆናል። ሰው ግን መጥበሻውን ይወቅሳል። ጨው ነስንሳችሁ አሥር ደቂቃ ካቆያችሁት ውሃ ስለሚያወጣ እንደገና አድርቁት። ከዚያ ስንዴ ዱቄት ስስ አድርጎ ማልበስና ማራገፍ ነው። በርበሬና ሚጥሚጣ ዱቄቱ ውስጥ አትጨምሩ፤ የጋለ ዘይት ውስጥ ያርራሉ፣ ይመራሉም። ከወጣ በኋላ ነስንሱበት፣ ወይም አዋዜ በጎን አቅርቡ።

ዘይቱ ሞቀ አልሞቀ ለማለት የዳቦ ፍርፋሪ ጣሉበት፤ ወዲያው ካንቸቀቸቀ ደርሷል፤ ዝም ብሎ ከተቀመጠ ጠብቁ። ማታ ማታ መብራቱ ሲደክም ስቶቭ ቶሎ አይግልም፤ ያን ጊዜ ሁለት ሁለት ቁራጭ እየጠበሱ መጨረስ አራቱን አንዴ ከመቆለል ይፈጥናል። እኔ አሁንም ከሰል እመርጣለሁ። ዓሣው አንዴ ከገባ አትነካኩት። ላዩ ቡናማ መልክ ሲይዝ በራሱ ይለቃል፤ የሚገለበጠውም አንዴ ብቻ ነው።

ለጾም ከሆነ ደግሞ ትናንት ቅቤ የነካውን መጥበሻ ዛሬ ማንሳት ሌላ ስህተት ነው። በጾም ዓሣ ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር ለየነፍስ አባታችሁ ትቼዋለሁ።

«ትንሽ ይቆይ» ማለት

የበሬ ሥጋ ጅማት አለውና በቆየ ቁጥር የሚለሰልስበት ጊዜ አለ። የዓሣ ማያያዣ ግን ስስ ነው፣ በትንሽ ሙቀት ይፈታል፤ ከዚያ ወዲያ የሚቆይበት ደቂቃ ሁሉ ውሃውን ማስወጣት ብቻ ነው። ውፍረቱ ሁለት ሴንቲ ሜትር ለሆነ ፊሌቶ አንዱ ጎን ሦስት ደቂቃ፣ ሌላው ሁለት ደቂቃ ገደማ ይበቃል። ወፍራሙ ቦታ ላይ ሹካ አስገቡ፤ ሥጋው ከብርጭቆ መሰል መልኩ ወደ ነጭነት ተለውጦ በንብርብሩ ከተለያየ በስሏል። ቴርሞሜትር ያለው ሰው 63 ዲግሪ ላይ ያውጣ። የጭራው በኩል ቀጭን ስለሆነ ወደ ሥር ማጠፍ ይረዳል፤ አለበለዚያ ወፍራሙ እስኪበስል እሱ ቆሎ ይሆናል።

ዓሣውን ቀድሞ መጣድ

ይሄን ስህተት ዓመታት ደጋግሜዋለሁ፤ ዓሣው በርዶ ድንቹ ገና ሲፈላ። ጎንደር ከባሕር ወለል በላይ 2,100 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች ውሃ እኛ ጋ የሚፈላው በ93 ዲግሪ አካባቢ ነው፣ በ100 አይደለም። ቀይ ባሕር ዳር ካለ ሰው ይልቅ የእኛ ድንችና ሩዝ የሚዘገየው ለዚህ ነው። ዘይት ላይ ግን ከፍታው ያን ያህል ለውጥ አያመጣም። ስለዚህ መጀመሪያ ድንቹ ወይም የፎገራው ሩዝ ይጣድ፤ እስኪበስል ሰላጣው ይከተፍ፣ ዓሣው ይድረቅ። ሰው ሁሉ እጁን ታጥቦ ሲቀመጥ ዓሣው ዘይት ይግባ። የተጠበሰ ዓሣ ሰው አይጠብቅም፤ ሰው ነው የሚጠብቀው።

ወጥ ውስጥ ማማሰል

ጥብሱ ቀርቶ ወጥ ካማራችሁ ቁሌቱን ብቻውን ጨርሱት፤ ሽንኩርቱ በደንብ ቁላላ ይበል፣ በርበሬው ይብሰል፣ ለዶሮ ከምትጨምሩት በግማሽ ያህል ይሁን። ውሃ ጠብ አድርጋችሁ ሲንተከተክ ዓሣውን ከላይ ደርድሩት፣ ከድኑት፣ ሰባት ደቂቃ ገደማ። ማማሰያውን ደብቁ! መንካት ካስፈለገ ድስቱን በሁለት እጅ ይዞ ወዘወዝ ማድረግ ነው። እኔ አማስዬ ያወጣሁት ቀይ ገንፎ ነበር።

የተረፈው በሁለት ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ ይግባ፣ በማግስቱም ይበላ። ደጋግሞ ማሞቅ ቤቱን ሁሉ ያሸታል፤ እኔ ቀዝቃዛውን ፈርፍሬ ከቲማቲምና ከቃሪያ ጋር በዳቦ እበላዋለሁ። ጭንቅላቱንና አከርካሪውን አትጣሉ። ስንጥቡን ብቻ አውጡና፣ ያመርራልና፣ የቀረውን ከሽንኩርት፣ ከካሮትና ከዝንጅብል ጋር ሃያ አምስት ደቂቃ ቀቅሉት፤ በወንፊት አጥልሉት። አማቴ ባለፈው ሳምንት ሁለት ሳህን ጠጥተው ሦስተኛ የጠየቁት ይሄንኑ ሾርባ ነው።