የሶላር ፓምፕ ምንጭ ላይ ከመትከላችሁ በፊት

መንዝ ውስጥ ሶላር የሚያስተክል ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀኝ የፓኔሉን ዋጋ ነው። እኔ መልሼ የምጠይቀው ስለ ምንጩ ነው። የናፍጣ ፓምፕ ኪስ ስለሚያራቁት ባለቤቱ ራሱ ቶሎ ያጠፋዋል። የሶላሩ ግን ፀሐይ እስካለች ያለ ወጪ ይስባል፤ ማንም እጁን ወደ ማጥፊያው አይሰድም። ከታች ያለው ጨፌ የሚደርቀው በዚህ ነው፤ ጨፌው ሲደርቅ እንቁራሪቱም፣ ውሃ የሚወርዱት ወፎችም፣ የጎረቤት ከብትም አብረው ይቸገራሉ።

ስለዚህ ከምንም በፊት ምንጩን ለኩ። የምትለኩት በግንቦት መጨረሻ፣ ክረምቱ ሊገባ ሲል ነው። በመስከረም የለካችሁትን እርሱት፤ በመስከረም እኮ ድንጋዩም ውሃ ያፈልቃል። ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ደቅናችሁ በስልካችሁ ሰዓት ያዙ። በ40 ሰከንድ ከሞላ፣ ምንጩ በሰዓት 1,800 ሊትር፣ ከነሌሊቱ ደግሞ በቀን 43,200 ሊትር ይሰጣል።

እኔ ግማሹ ለወራጁ ይቅር ባይ ነኝ። ነገር ግን የቀኑን ድምር ብቻ አይታችሁ ፓምፕ አትምረጡ። የሌሊቱ ውሃ የሚጠራቀምበት ገንዳ ምንጩ ሥር ከሌለ፣ ከላይ ባለው ምሳሌ ፓምፑ በሰዓት ከ900 ሊትር በላይ መሳብ የለበትም። ሻጭ ትልቁን ሊያሸክማችሁ ይሞክራል፤ ቁጥራችሁን ይዛችሁ ሂዱ። ሁለት መቆጣጠሪያዎችም ይጨመሩ፦ የላይኛው ገንዳ ሲሞላ የሚያጠፋ ተንሳፋፊ፣ የምንጩ ውሃ ሲያንስ የሚያቆም ጠቋሚ። እነዚህን አልፈልግም የሚል ሰው ሌላ ባለሙያ ይፈልግ።

አያቶቻችን የመንዝን የሣር ምድር፣ ጓሳን፣ ያቆዩልን ለዓመታት እየዘጉ፣ ሣሩ ሲደርስ በጋራ እየከፈቱ ነው። ለውሃውም እንዲሁ ተሰብስባችሁ የመሳቢያ ሰዓት ቁረጡ።

ፓኔሉን ጣሪያ ላይ ወይም ቀድሞ በተረገጠ መሬት ላይ ትከሉ፤ ለእሱ ሲባል ሣር አይመንጠር። ከምድር ወገብ በስተሰሜን 10 ዲግሪ አካባቢ ስለሆንን፣ ፊቱን ወደ ደቡብ አድርጋችሁ ከ10 እስከ 15 ዲግሪ አዘንብሉት። ብርዳችን ለዚህ ሥራ በረከት ነው፦ የተለመደው ፓኔል ሙቀቱ ከ25 ዲግሪ ባለፈ ቁጥር በእያንዳንዱ ዲግሪ ከጉልበቱ 0.4 በመቶ ያህል ያጣል። ከቆርቆሮው ትንሽ ከፍ ብሎ ነፋስ ይግባበት። ጠዋት ውርጭ ቢይዘው ፀሐይ ታቅልጠው፤ የፈላ ውሃ ብታፈሱበት መስተዋቱ ሊሰነጠቅ ይችላል።

ጥላ ሌላ ጣጣ ነው። አንዲት ቅርንጫፍ የፓኔሉን ጥግ ብቻ ብትሸፍን እንኳ የሚሰጠው ኃይል ክፉኛ ይወርዳል። ታዲያ መጥረቢያ አታንሡ፤ የሚያጠላው ጥድ ወይም ወይራ ከሆነ ፓኔሉን አዛውሩት፤ ጥቂት ሜትር ሽቦ ዛፍ ከማጣት ይረክሳል። ባሕር ዛፍ ከሆነ ግን፣ በተለይ ምንጩ አጠገብ ከበቀለ፣ ለውሃውም ስትሉ ቁረጡት።

የውጭ መብራት ካስገባችሁ ቢጫ ይሁን፣ ፊቱም ወደ መሬት ይመለስ። ነጩ የሌሊት ነፍሳትን ከየአቅጣጫው ይጠራል፤ እስኪነጋም ሲዞሩት ያድራሉ።

ለፓምፑ ባትሪ አያስፈልግም፤ ቀን የተሞላ ገንዳ ይበቃዋል። ለመብራቱ የምትገዙት ባትሪ የእርሳስ ከሆነ ውስጡ እርሳስና አሲድ ስላለ፣ ሲያረጅ ጓሮ አይጣል፣ ወንዝ ዳርም አይከፈት። ስትገዙ አሮጌውን መልሶ የሚቀበል ሻጭ ምረጡ፣ ይህንንም ደረሰኙ ላይ አስጽፉ።