በጃካርታ ሰልባጅ ገበያ ገንዘብ የሚያስበሉ ስህተቶች

ለኢንዶኔዢያ ወጣቶች ሰልባጅ መልበስ ማፈሪያ መሆኑ ካበቃ ቆይቷል። ጃካርታ የፓሳር ሰኔን ገበያም ሆነ ባንዱንግ ከተማ ገደባጌ ያለው የቺሞል ገበያ፣ ክምሩ ላይ የሚራኮተው ተማሪና አዲስ ተቀጣሪ ነው። በ2022 (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ ናቸው) ከጃካርታ ዳርቻ፣ ከቺታያም፣ ከቦጆንግገዴና ከዴፖክ በባቡር እየመጡ መሃል ከተማ ዱኩህ አታስ የሚባለው ሰፈር የእግረኛ ዜብራ ላይ እንደ ሞዴል ይንጎራደዱ የነበሩት ልጆች ብዙ ገንዘብ ሳያወጡ መዘነጥ እንደሚቻል ለአገሩ አሳይተዋል። ጀማሪ ግን ርካሽ ሲያሳድድ በውድ ይገዛል። የሚደጋገሙት ስህተቶች እነዚህ ናቸው።

ከተሰቀለው መጀመር። ማንጠልጠያ ላይ ያለው ሻጩ መርጦ፣ አጥቦ ዋጋ የቆለለበት ነው። ክምሩ ጋ ሂዱ፤ አንዱ ልብስ ብዙ ጊዜ ከ10 ሺህ እስከ 35 ሺህ ሩፒያ ነው፣ ዋጋውም ካርቶን ላይ ተጽፏል። በአንድ ልብስ አትከራከሩ፤ ሦስት አራት ስታነሱ ግን ቅናሽ መጠየቅ ያለ ነው። ከጃካርታ ውጭ ከሆናችሁ ሜዳን ላይ «ሞንዛ»፣ ዮግያካርታ «አውል-አውል»፣ ማካሳር «ቻካር» ብላችሁ ጠይቁ።

ሳይዝ ማመን። የጃፓን ኤል የአሜሪካን ኤም ቢያህል ነው። ክምሩ ጋ መለኪያ ክፍል የለም፤ ስስ ቲሸርት ለብሳችሁ ሂዱና ከላዩ ደርቡ፣ የልብስ ሰፊ ሜትርም ያዙ። ቤት ያለውን የሚመቻችሁን ቲሸርት ዘርግታችሁ ከብብት እስከ ብብት፣ ከትከሻ እስከ ጫፍ ለክታችሁ ቁጥሩን ስልካችሁ ላይ ጻፉት። ኢንስታግራም ላይ የሚሸጡት «70 በ54» ብለው የሚጽፉት ይኸው ነው፤ ትልቁ ቁጥር ርዝመት፣ ትንሹ ወርድ። ወርዱ 54 ከሆነ ዙሪያው 108 ሴንቲሜትር ነው። ደረቱ 104 ለሆነ ሰው ይገባዋል፣ ግን ወቅቱ እንደሚወደው ሰፋ አይልለትም።

ያረጀውን ሁሉ ቪንቴጅ ማለት። የእጅጌውና የታችኛው ጠርዙ ስፌት ነጠላ መስመር የሆነ ቲሸርት አብዛኛውን ጊዜ ከ1990ዎቹ አጋማሽ በፊት የተሠራ ነው። አስመሳዮቹም ይህን ስለሚያውቁ ትናንት የታተመውን የባንድ ቲሸርት በነጠላ ይሰፉታል። ስለዚህ አንድ ምልክት አይበቃም። ሊቫይስ ጂንስ ቀይዋ መለያ ላይ ያለው «ኢ» በትልቁ ፊደል ከተጻፈ «ከ1971 በፊት የተሠራ ነው» ይሏችኋል። ገልብጡት። ውስጡ የአስተጣጠብ መመሪያ ጨርቅ ከተሰፋበት ወይ በኋላ ዘመን እንደ ድሮው የተሠራ ነው፣ ወይ ውሸት ነው። ለጃፓን ገበያ የሚሠራ ልብስ ደግሞ የአስተጣጠብ ሥዕሎቹ ከዲሴምበር 2016 ጀምሮ ተቀይረዋል፤ የሳፋ ሥዕል ውስጥ ያለ ጃፓንኛ ጽሑፍ የሙቀት ቁጥር ብቻ እያያችሁ «የ1990ዎቹ ነው» የሚላችሁን ሳቅ ብላችሁ እለፉት።

ጫማና ጃኬት በዓይን ብቻ መግዛት። የፖሊዩሬቴን ሶል ባይደረግም እርጥበት ብቻውን ይበላዋል፣ የጃካርታ አየር ደግሞ ዓመቱን ሙሉ እርጥብ ነው። መካከለኛውን ሶል በአውራ ጣት ጫን አድርጉት። ወዲያው ከተመለሰ ደህና ነው፤ ከተሰነጠቀ ወይም እንደ ብስኩት ከተፈረፈረ በነጻም አትውሰዱት። የዝናብ ጃኬት ውስጡ የሚያጣብቅ ወይም ቅርፊት የሚያራግፍ ከሆነ አልቆለታል፣ ማጠብ አያድነውም። ዚፑንም ሦስት ጊዜ ክፈቱ ዝጉ።

ሽታውን በሽቶ ማፈን። የንግድ ሚኒስቴር በ2015 ከሰኔን የተወሰዱ ናሙናዎችን አስመርምሮ ባክቴሪያና ሻጋታ አግኝቶባቸዋል። በኪሎ ለሚያጥቡት ላውንደሪዎች በቀጥታ ብትሰጡ ሽቶ ነስንሰው ይመልሱላችኋል። ጥጡን ለብቻው 60 ዲግሪ ውሃ ውስጥ በዱቄት ሳሙና እጠቡ። ለቢጫ እድፍ በ5 ሊትር ሙቅ ውሃ 2 የሾርባ ማንኪያ ሶዲየም ፐርካርቦኔት (ክሎሪን የሌለው የማንጫ ዱቄት) በጥብጣችሁ ከ4 እስከ 6 ሰዓታት ያህል ዘፍዝፉ። ሱፍና ሐር ላይ ግን አይሞከርም። በረኪናን ከኮምጣጤ ጋር አትቀላቅሉ፣ መርዘኛ ጋዝ ያወጣል። ገልብጣችሁ ፀሐይ ላይ አስጡ፣ ኅትመቱ ላይ ካውያ አታሳርፉ።

ቦንዳ መግዛት። እዚህ ላይ ትዕግሥት ያልቃል። በየጊዜው አንድ ልጅ ሰባት ቁምጣ ስለሸጠ ነጋዴ የሆነ ይመስለውና ያጠራቀመውን ሁሉ ያልተፈታ ቦንዳ ላይ ያፈሳል። 100 ኪሎ ገደማ፣ ላዩ ላይ ኮድ የተጻፈበት፣ «የኮሪያ ሁዲ አንደኛ ደረጃ»። ከተፈታ በኋላ መመለስ የለም። እንደ ምሳሌ እናስላው፦ 6 ሚሊዮን ሩፒያ ከፍላችሁ 200 ሁዲ ወጣ እንበል፤ አንዱ በ30 ሺህ ወደቀ፣ አሪፍ ይመስላል። «ከፓላ» የሚባሉት ምርጦቹ 20 ሆነው በ120 ሺህ ቢሸጡ 2.4 ሚሊዮን። መካከለኞቹ 80 በ35 ሺህ 2.8 ሚሊዮን። የቀሩት 100 የተቀደዱና የነተቡ፣ ለጋራዥ መወልወያ የሚሆኑ ናቸው። 800 ሺህ ከሰራችሁ፤ ማጠቢያውና ማመላለሻው ገና አልተቆጠረም። ምርጦቹ ቀድመው ወጥተውለት ተመልሶ የተሰፋ ቦንዳ ከሆነማ ሒሳቡም አያስፈልግም። ጥሩ መሆኑን የሚያውቅ ሻጭ ራሱ ይፈታው ነበር እኮ!

በዚያ ላይ ያገለገለ ልብስ ከውጭ ማስገባት በንግድ ሚኒስቴሩ የ2021 ደንብ ቁጥር 18 እና በ2022 ማሻሻያው ቁጥር 40 ተከልክሏል። በማርች 2023 መንግሥት የተያዙ ቦንዳዎችን በካሜራ ፊት አቃጥሏል። ዕቃው ሲወረስ ደረሰኝ የለ፣ ማንን ትከሳላችሁ? መነገድ ካማራችሁ ከክምር ላይ ዓይታችሁ 30 ልብስ ልቀሙና በዚያ ጀምሩ።

ላይቭ ሽያጭ ላይ «ኪፕ» (ያዙልኝ፣ እገዛዋለሁ) ብሎ ሳይከፍሉ መጥፋት። «ሂት ኤንድ ረን» ብለው ስማችሁን ይለጥፉታል፣ ሌላውም ሻጭ አይሸጥላችሁም። የላይቩ መብራት እድፍ ስለሚደብቅ «ኪፕ» ከማለታችሁ በፊት በቀን ብርሃን የተነሳ የአንገትጌና የብብት ፎቶ አስልኩ። «ሬክበር» የሚባለውን ገንዘብ ያዥ መካከለኛ ሻጩ ራሱ ከመረጠላችሁም እምቢ በሉ፤ በመገበያያ መተግበሪያው ውስጥ ክፈሉ።