ባሕር ዳር ላይ ስለ ሴት ሠራተኞች መደራጀት ዶክመንተሪ እንዴት ይሠራል?

ካሜራውን ለጊዜው ቤት ያስቀምጡት። መጀመሪያ ከሰዎቹ ጋር ይላመዱ። ባሬላ የምትሸከም የቀን ሠራተኛ፣ የሆቴል አንሶላ የምታጥብ፣ ፋብሪካ በፈረቃ የምትገባ፣ የየራሳቸው ጣጣ አላቸው። አንዱን ሥራ ይምረጡ።

ቀጥሎ ሕጉን ያንብቡ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 አሥርና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ባለበት ድርጅት የሠራተኛ ማኅበር ማቋቋም ይፈቅዳል። አባልነት ከሥራ ለማሰናበት ምክንያት እንደማይሆንም አንቀጽ 26 ላይ ተጽፏል። የቤት ሠራተኞች ግን በዚህ አዋጅ አይሸፈኑም። ሕጉ ይኑር እንጂ ፎርማኑ «ከነገ ጀምሮ አትምጪ» ለማለት አንቀጽ አይጠቅስም። ስለዚህ ፊቷ ይታይ አይታይ የሚወስነው እሷ ናት። ማደብዘዝ ብቻውን አይበቃም፤ ድምፅዋን፣ የነጠላዋን ጥለት፣ ከኋላዋ ያለውን ሱቅ ሳይቀር የሚያውቅ ሰው አይጠፋም።

ቃለ ምልልሱ ላይ «ምን ይሰማሻል?» ብሎ መጀመር ለቅሶ ከመጥራት በቀር ብዙ አያመጣም። «ባለፈው ሂሳብ የወሰድሽ ቀን መጀመሪያ ለማን ከፈልሽ?» ይበሏት። የቤት ኪራይ ትላለች፣ ከዚያ ምናልባት እቁብ። እቁቡን ይያዙት! በእኔ እይታ የፊልሙ ልብ እዚያ ነው። ሰብሳቢዋ ብር ስትቆጥር፣ ጸሐፊዋ ደብተር ላይ ምልክት ስታደርግ፣ አንዷ «ይሄ ሳምንት ለእሷ ይለፍላት፣ ልጇ ታሟል» ብላ ስትሟገት ይቅረጹ። ስብሰባ መምራትና ገንዘብ መጠበቅ ማኅበር ሳይመሠርቱ በፊትም ይችሉበታል። የደብተሩ ስሞች ግን እንዳይነበቡ እጇ ላይ ፎከስ ያድርጉ።

ድምፅ ላይ አይቆጥቡ። ማይኩ ነጠላ ሥር ከገባ ይንሿሿል፤ አንገትጌዋ ላይ በፕላስተር ይለጥፉት። ባጃጅ የማይበዛበት ክፍል ይፈልጉ፣ ፍሪጁንም ይንቀሉ። ጣና ዳር ያለው ዘንባባ ለሰርግ ቪዲዮ ይሁንልን፤ ነፋሱም አለ፣ አላፊ አግዳሚውም ያያታል።

አሠሪውንም መልስ ይጠይቁ። መቼ እንደሚጠየቅ ግን ከሴቶቹ ጋር ይስማሙ፣ ማን እንደተናገረም አይንገሩ። ግቢ ውስጥ ለመቅረጽ ፈቃድ ያስፈልጋል።

ኤዲቱ ሲያልቅ ዩቲዩብ ላይ ከመጫንዎ በፊት ለራሳቸው ያሳዩ። «ይቺ ትውጣ» ካሉ ትውጣ፣ የቱንም ያህል ብታምር። ያልተጠቀሙበትን ቅጂ ከስልክዎ አጥፍተው ሃርድ ዲስኩን ሌላ ቤት ያስቀምጡ።