ትወና ሳይማሩ የድሮውን የኖርዌይ ገበሬ በፊልም መጫወት

ትወና ተምራችሁ አታውቁም፤ ግን የኖርዌይን ገጠር የድሮ ኑሮ ለሚያሳይ ፊልም ተመርጣችኋል። እንግዲያው ቃለ ተውኔቱን ከመሸምደዳችሁ በፊት ሥራውን ተማሩ። ካሜራ ፊት ቶሎ የሚያጋልጣችሁ እጃችሁ ነው።

ከሴተር ጀምሩ። በረዶው ቀልጦ ሙቀቱ ሲመጣ ላሞቹና ፍየሎቹ ወደ ተራራው ግጦሽ ይወጣሉ፤ ሴተር እዚያ ላይ ያለው የእረኝነትና የወተት ሥራ ቤት ነው። ማለብ፣ ቅቤ መናጥ፣ አይብ መሥራት የሴቶች ሥራ ነበር። ስለዚህ ወንድ ገበሬ ሆናችሁ ላም እለቡ ከተባላችሁ ምክንያቱን ጠይቁ።

ቡናማውን አይብ ግን ጊዜ ሰጥታችሁ ተለማመዱት። አጓቱ ውሃው ተኖ ቡናማ እስኪሆን ድረስ ለብዙ ሰዓት ይፈላል፣ እንዳይቃጠል ደግሞ ያለማቋረጥ ይማሰላል፤ ትከሻ ይዝላል፣ ሰውነት ከአንዱ እግር ወደ ሌላው ይደገፋል፣ ወሬው እንኳ በማማሰያው ልክ ይቆራረጣል። ይህን ድካም አንዴ ከቀመሳችሁት ማስመሰል አያስፈልጋችሁም። ዘመኑንም አጣሩ። አን ሆቭ የምትባል ሴት አጓቱ ላይ ክሬም ጨምራ የጉድብራንድስዳል የሚባለውን ቡናማ አይብ የሠራችው በ1863 እ.ኤ.አ. ነው። ታሪኩ ከዚያ በፊት ከሆነ ያ አይብ ገበታው ላይ መታየት የለበትም።

አጨዳም አለ። ረጅም እጀታ ያለው ማጭድ በክንድ ጉልበት አይወዛወዝም፤ ወገብ ይዞራል፣ ስለቱ መሬቱን ታክኮ ያልፋል፣ በየመሃሉም ቆም ብሎ በድንጋይ መሳል አለ። ይህቺ መቆሚያ ለተዋናይ ትልቅ ስጦታ ናት፤ ንግግራችሁን እዚያ ላይ አድርጉት። የታጨደው ሣር እንዲደርቅ በመስቀያው ላይ ከታችኛው ረድፍ ጀምሮ ይሰቀላል።

ልብስ ላይ አትሸወዱ። ቡናድ የሚባለው የኖርዌይ ባህላዊ ልብስ የክት ነው። የማለቢያ ባልዲ ይዛችሁ ቡናድ ልበሱ ቢሏችሁ፣ እኔ በበኩሌ ተከራከሩ እላለሁ፤ ለሥራ የሚሆነው ተራ የሱፍ ልብስ ነው።

አነጋገሩ ከባድ ነው። ሸለቆው በተቀየረ ቁጥር አነጋገሩም ይቀየራል፣ የሴተስዳል ሸለቆ ገበሬ እንደ ኦስሎ ሰው ካወራ አገሬው ወዲያው ይነቃበታል። የአካባቢው ሰው ንግግራችሁን በራሱ አነጋገር ብሎ በስልክ ይቅዳላችሁና በጆሮ አጥኑት። ካልሆነላችሁ ንግግሩ እንዲቀነስ ጠይቁ፤ ዝም ብሎ የሚሠራ ገበሬ በደንብ ይታመናል።

ሥራውን በዓይን ለማየት ሊልሃመር ያለው ማይሃውገን ወይም ኦስሎ ያለው የኖርዌይ ሕዝብ ሙዚየም ሂዱ። ሁለቱም የድሮ የገበሬ ቤቶችን ከየቦታው አምጥተው ደጅ ላይ ያቆሙ ሙዚየሞች ናቸው። የበሩን ቁመት፣ የምድጃውን ቦታ፣ የት ጎንበስ እንደሚባል እዩ።

ቀረጻው ላይ ደግሞ አንድ ትዕይንት ደጋግማችሁ ትሠራላችሁ። ባልዲውን በየትኛው እጅ እንደያዛችሁ፣ በየትኛው ቃል ላይ እንዳስቀመጣችሁት አስታውሱ፤ ካልገጠመ አርታኢው ሊቆርጠው ይችላል።