በጅማ ፊልም ሲቀረጽ፦ እየተወኑ ክፍሉንም ማሰናዳት

ተዋናዩ የመቅረጫ ክፍሉንም የሚያሰናዳ ከሆነ ትልቁ ችግር ድካሙ አይደለም፤ ካሜራው ሲበራ ክፍሉን ማየት አለመቻሉ ነው። ስለዚህ ሥራው ቀድሞ ይለቅ።

ስክሪፕቱን ሁለት ጊዜ አንብቡ፤ መጀመሪያ በእጅ የሚነካውን፣ ቀጥሎ ለዓይን ብቻ የሚታየውን ዕቃ ጻፉ። በእጅ የሚነካው ይቅደም፤ የሚሰበረው ደግሞ በሁለት በሦስት ይያዝ። ለመቀመጫ ጅማ የታደለች ናት፤ ከአንድ ግንድ የሚጠረበው ባለ ሦስት እግር በርጩማ ወለሉ ወጣ ገባ ቢሆንም አይወዛወዝም። ባለ አራት እግር ወንበር ካለ እግሩ ሥር ጨርቅ ለጥፉ፤ አለዚያ ሲንቋቋ ድምፁ ይበላሻል።

አዲስ ነጭ መጋረጃ ሰው የኖረበት ቤት አይመስልም። በ1 ሊትር ውሃ 60 ግራም የተፈጨ ቡና 15 ደቂቃ አፍሉና አጥልሉት። የጥጥ ጨርቁን በንጹሕ ውሃ አርሱት (ደረቁን ከነከራችሁት ይዥጎረጎራል)፤ ከዚያ ከ30 ደቂቃ እስከ 1 ሰዓት ዘፍዝፉት። ሲደርቅ ስለሚፈካ ከምትፈልጉት ጠቆር ሲል አውጡት። ፖሊስተር ቀለሙን እምብዛም አይዝም። በክረምት በደንብ ሳይደርቅ ከታጠፈ ይሻግታል።

ልብሱ ከግድግዳው ጋር እንዳይመሳሰል ክፍሉን በስልክ በጥቁርና ነጭ አንሱት። ፊትና ግድግዳ እኩል ግራጫ ከሆኑ ተዋናዩ ይዋጣል። የግሪኩ ሠዓሊ ቫሲሊስ ፎቶፑሎስ እ.ኤ.አ. በ1964 በወጣው «ዞርባ ዘ ግሪክ» የቦታ ዝግጅት ኦስካር ያገኘው በጥቁርና ነጭ ፊልም ዘርፍ ነው፤ ቀለም በሌለበት ሥራውን የሚሸከሙት ድንጋዩ፣ እንጨቱና ጥላው ናቸው። እኛም የግድግዳውን ሻካራነት በጎን መብራት እናውጣ።

የክፍሉ አምፖል በሚቀረጸው ምስል ውስጥ ከታየ ካሜራውን በሴኮንድ 25 ፍሬም (ምስል)፣ ሹተሩን (ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያስገባበትን ጊዜ) 1/50 ሴኮንድ አድርጉ፤ መብራታችን 50 ሄርዝ (በሴኮንድ 50 ዙር) ስለሆነ ሌላ ፍጥነት ብልጭ ድርግም ሊያመጣ ይችላል። ግድግዳ ላይ የተሰቀለ ሥዕል መስታወቱ ካንጸባረቀ ከላይ በኩል በጀርባው የታጠፈ ወረቀት ሸጉጣችሁ ወደ ፊት አዘንብሉት።

ከሁሉ የሚያስቸግረው የቡና ትዕይንት ነው። በሲኒው ያለው ቡና በየቀረጻው ከፍ ዝቅ ይላል፣ የዕጣኑ ጭስ ይሳሳል፣ ቄጠማው በመብራቱ ሙቀት ይጠወልጋል። ቄጠማውን በሁለት ክፈሉና ግማሹን እርጥብ ጆንያ ውስጥ አቆዩ። ከእያንዳንዱ ቀረጻ በፊት ከካሜራው ቦታ ፎቶ የሚያነሳና ሲኒውን የሚሞላ አንድ ሰው መድቡ፤ የሚተውነው ሰው ይህን ራሱ አይሞክር። ለምሳ ስትወጡም ዳይሬክተሩ ትዕይንቱ አልቋል እስኪል ድረስ ክፍሉ ይቆለፍ።