«ጎልደንአይ 007»ን በጎንደር ቤት ውስጥ እንዴት አድርጎ በወጉ መጫወት ይቻላል

እኔ የማውቃቸው ጎንደር ውስጥ ያሉት ጥቂት የኒንቴንዶ 64 (ከቴሌቪዥን ጋር ተገናኝቶ ጌም የሚያጫውት የድሮ ማሽን) መሣሪያዎች ሁሉም የመጡት ከውጭ አገር በተመለሰ ዘመድ ሻንጣ ነው፤ ከመሣሪያው ጋር ከሚመጡት ካሴቶች መካከል ደግሞ «ጎልደንአይ 007» ካለ ባለቤቱ ዕድለኛ ነው። ይህ የተኩስ ጌም እ.ኤ.አ. በ1995 ከወጣው የጄምስ ቦንድ ፊልም ተወስዶ ሬር በተባለው የእንግሊዝ ኩባንያ ተሠርቶ በ1997 ለገበያ ቀረበ። የዛሬ ልጆች አንሥተውት በአምስት ደቂቃ ውስጥ የሚተዉት የዛሬውን ጌም በሚጫወቱበት መንገድ፣ ማለትም እየሮጡና እየተኮሱ ስለሚገቡበት ይመስለኛል። «ጎልደንአይ» ግን ቦታውን አጥንቶ ጥቂት ጥይት ለሚተኩስ ሰው የተሠራ ነው፤ ከዚህ በታች የማስረዳውም ይህንኑ አጨዋወት ነው።

በመጀመሪያ ስለ መብራት። መሣሪያው ከአሜሪካ የመጣ ከሆነ ከመሰካትዎ በፊት ከጀርባው የሚገባውን የኃይል ሳጥን አውጥተው የተጻፈበትን ያንብቡ። የአሜሪካው ሳጥን የሚፈልገው 120 ቮልት ሲሆን የእኛ መብራት 220 ነው፤ ስለዚህ የሶኬቱን እግር ብቻ በሚቀይር አዳፕተር መሰካት ሳጥኑን ማቃጠል ነው። አዘዞ የሚኖር አንድ ወዳጄ ልጆቹ ሰብሰብ ብለው እየጠበቁ ሳለ በዚህ ምክንያት ሳጥኑን አጥቷል፤ የልጆቹን ፊት እስከ ዛሬ አልረሳውም። መፍትሔው 220ን ወደ 110 የሚያወርድ ትራንስፎርመር መግዛት ወይም ለአውሮፓ ገበያ የተሠራውን የኃይል ሳጥን ማስመጣት ነው። የአሜሪካውም ሆነ የአውሮፓው ሳጥን ለመሣሪያው የሚሰጠው ያንኑ 3.3 እና 12 ቮልት ስለሆነ ያለ ሥጋት ይተካካሉ፤ እኔም ሁለተኛውን መንገድ እመርጣለሁ። ካሴቶቹ ግን እንደ ሳጥኑ አይደሉም፤ ለአውሮፓ የተሠራ ካሴት በአሜሪካው መሣሪያ ላይ አይሠራም።

ቢጫ፣ ነጭና ቀይ ጫፍ ያለውን ኬብል ከቴሌቪዥኑ ጋር ካገናኙ በኋላ ምስሉ ያለ ቀለም በጥቁርና ነጭ ከመጣ መሣሪያው ተበላሽቷል ብለው አይደንግጡ፤ የአሜሪካው የቀለም ሥርዓት በአንዳንድ የድሮ ቴሌቪዥኖች ላይ ስለማይነበብ ነው። የሚነበብ ከሆነ ኋላው ወፍራም የሆነው የድሮ ቴሌቪዥን ከሁሉም ይሻላል፤ ጣትዎ ቁልፉን ሲነካና ጥይቱ ሲወጣ መካከል መዘግየት አይኖርም። በጠፍጣፋው ቴሌቪዥን ላይ ከሆነ በቅንብሩ ውስጥ የጌም አማራጭ ካለ ያብሩት። ካሴቱ አልነሣ ካለ በአፍ መትፋት ወይም መንፋት ብረቱን ያዝገዋል፤ ከፋርማሲ በተገዛ አልኮል ጥጥ አርጥበው የካሴቱን የብረት ጥርሶች ይጥረጉና እስኪደርቅ ይጠብቁ። መሣሪያውን ሲያበሩም የጆይስቲኩን ዘንግ አይንኩ፤ ሲበራ ያለበትን ቦታ መሃል አድርጎ ስለሚቆጥረው ቦንድ ራሱን ችሎ ወደ አንድ ጎን መዞር ይጀምራል። ይህ ከተፈጠረ ዘንጉን ለቀው ኤል፣ አር እና ስታርት የተባሉትን ቁልፎች በአንድነት ይጫኑ።

መብራት ቢጠፋ የሚጠፋው በእጅዎ ያለው ሚሽን (የጌሙ አንድ ክፍል) ብቻ ነው፤ የተጠናቀቁት በካሴቱ ውስጥ ተቀምጠዋል።

አሁን ወደ ተኩሱ እንምጣ። ዜድ ይተኩሳል፣ ኤ የጦር መሣሪያ ይቀይራል፣ ቢ በር ይከፍታል፣ ጥይትም ይሞላል። ዋናው ቁልፍ ግን አር ነው፤ እሱን ተጭነው ሲይዙ ቦንድ ቆሞ ማነጣጠሪያው ይወጣል፣ ዘንጉም እግሩን ትቶ ማነጣጠሪያውን ያንቀሳቅሳል። ጠላት በየትኛው የአካል ክፍሉ እንደተመታ ጌሙ ይለያል፤ ራሱን የተመታ ወዲያው ሲወድቅ እጁን ወይም እግሩን የተመታ ግን ተነሥቶ ይተኩስብዎታል። ስለዚህ በየማዕዘኑ ቆም ብለው፣ አርን ይዘው፣ ራስን አነጣጥረው አንድ ጥይት የመተኮስ ልማድ ይያዙ። ድምፅ አልባው ሽጉጥ እያለ በየመንገዱ የሚገኘውን መትረየስ ማንሣት አያስፈልግም፤ የመትረየስ ድምፅ በሌላ ክፍል ያሉትን ጠባቂዎች ይጠራል። ይህንን አጥብቄ የምናገርበት ምክንያት በጌሙ ውስጥ ጤናን የሚመልስ ምንም ነገር ስለሌለ ነው፤ የሚገኘው ጥይት መከላከያ ሰደርያ ብቻ ነው፣ እሱም የመረጡት የክብደት ደረጃ ከፍ ባለ ቁጥር እየቀነሰ ይሄዳል። ጨዋታውን ሲያቆሙ ቦንድ የእጅ ሰዓቱን ያነሣል፤ የቀረዎትን ጤናና ሰደርያ፣ የሚሽኑንም ግዳጆች እዚያው ያነቡታል።

የመጀመሪያው ሚሽን ፊልሙ የሚከፈትበት የግድቡ ዝላይ ነው። በፊልሙ ላይ የታየው ግድብ ስዊዘርላንድ ውስጥ የሚገኝ፣ 220 ሜትር ከፍታ ያለው ነው። በቀላሉ ደረጃ ከግድቡ መዝለል ብቻ ይበቃል፤ ከዚያ በላይ ባሉት ደረጃዎች ግን የአደጋ ደወሎቹን ሁሉ ማጥፋት ይጨመራል። አንድ ጠባቂ ወደ ደወሉ ሲሮጥ ካዩ ሌላውን ትተው እሱን ይምቱ። በመጀመሪያው ማማ ላይ የሚገኘውን የሩቅ መምቻ ጠመንጃ ሳያነሡ አይለፉ።

ሁለተኛው የኬሚካል ፋብሪካው ነው፤ በእኔ ግምት የጌሙ ምርጥ ክፍል ይህ ነው። ሠሪዎቹ የፊልሙን ሥፍራዎች በአካል ጎብኝተው፣ ፎቶ አንሥተውና ንድፎቹን ወስደው ስለሠሩት፣ ግዳጆቹንም ብዙውን ጊዜ ሕንጻውን ከሠሩ በኋላ ስላስቀመጡ ምንም ጥቅም የሌላቸው የሚመስሉ ክፍሎችና መተላለፊያዎች አሉት። የጎንደር ልጅ ፋሲል ግቢ ውስጥ የዓፄ ፋሲልን ግንብ ክብ ማማዎች እያየ የት እንዳለ እንደሚያውቅ ሁሉ፣ እርስዎም እዚህ አንድ ምልክት ይያዙ፤ እኔ የምይዘው ሚሽኑ የሚጀምርበትን መጸዳጃ ቤት ነው። ነጭ ካፖርት የለበሱት ሳይንቲስቶች በተቻለ መጠን መሞት የለባቸውም፤ በከፍተኛው ደረጃ ከእነሱ መካከል ዶክተር ዶክ የተባለውን ማግኘት ግድ ነው፣ የሚቆምበት ቦታም በየጊዜው ይለዋወጣል። በዘፈቀደ የሚተኩስ ሰው ግዳጁን የሚያበላሸው እዚህ ነው።

ለአራት ሆኖ ለመጫወት መሣሪያው ፊት ለፊት አራት የጆይስቲክ መሰኪያ አለው፤ ስክሪኑም ለአራት ይከፈላል። ቴሌቪዥኑ ትንሽ ከሆነ ሁሉም ቀረብ ብለው ይቀመጡ፤ አንዱ የሌላውን ክፍል ማየቱን መከልከል ስለማይቻል ከመጀመሪያው የተፈቀደ ይሁን። ኦድጆብ የተባለውን ገጸ ባሕርይ ግን ማንም እንዳይመርጥ ይስማሙ፤ ቁመቱ አጭር በመሆኑ የሌሎቹ ጥይት በራሱ ላይ ያልፋል። ለጀማሪዎች «ኮምፕሌክስ» የተባለውን ሜዳ ከሽጉጥ ጋር ይምረጡላቸው፤ አንድ ጥይት የሚገድልበትን አማራጭ አራቱም በሮቹንና ደረጃዎቹን ለይተው ካወቁ በኋላ ያምጡት።