ረጅም ዕድሜ መጫወት የሚፈልግ የራግቢ ፎርዋርድ ሊያስወግዳቸው የሚገቡ ስህተቶች

የዌልሱ ፎርዋርድ አሊን ዊን ጆንስ በ2023 (ወሩም ዓመቱም እዚህ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው) ከብሔራዊ ቡድን ሲሰናበት 170 ዓለም አቀፍ ጨዋታ ነበረው። 158ቱ ለዌልስ ናቸው። 12ቱ ደግሞ አራቱ ሀገራት ተጣምረው ለሚያቆሙት ለብሪታኒያና አየርላንድ ላየንስ። እስከዚያ ቀን በወንዶች ራግቢ ይህን ያህል የተጫወተ ሰው አልነበረም።

ሰውየው ነጥብ በማስቆጠር አይታወቅም። በሩጫም አይደለም። የስዋንሲ ልጅ ነው፤ ቁመቱ ሁለት ሜትር ሊሞላ ሁለት ሳንቲሜትር ይቀረዋል። 17 ዓመት ሙሉ ሲገፋ፣ ሲጥል፣ ሲወድቅና ሲነሳ ኖረ። እንደ እሱ ኃይለኛ የነበሩ ብዙ ፎርዋርዶች ግን በ25 እና በ28 ዓመታቸው ጨርሰዋል። አንዳንዱ ዕድል ነው፣ ጉዳት አይመረጥም። አንዳንዱ ግን ስህተት ነው። እዚህ የማነሳው ይህንን ሁለተኛውን ነው።

ፎርዋርድን እንደ እግር ኳስ አጥቂ ማሰብ

ለእኛ ፎርዋርድ ማለት አጥቂ ነው፣ ጎል የሚጠበቅበት። በራግቢ ግን ተቃራኒው ነው ቢባል ይቀላል። በ15 ተጫዋቾች ከሚቆመው ቡድን ከ1 እስከ 8 ቁጥር የሚለብሱት ስምንቱ ፎርዋርዶች ናቸው። ሥራቸው ኳሱን ማግኘት ነው። ስክረም ላይ፣ ማለትም የሁለቱ ቡድን ፎርዋርዶች ተቆላልፈው ኳሱን ለማግኘት በሚገፋፉበት ጊዜ፣ ይገፋሉ። ኳስ ከጎን መስመር ሲወረወር ላይንአውት ላይ ይዘላሉ። ሰው ሲወድቅ ላዩ ላይ ቆመው ኳሱን ይጠብቃሉ። ነጥቡን ብዙ ጊዜ ከኋላ ያሉት ፈጣኖቹ ያስቆጥራሉ።

ጭብጨባ ፈልጎ ወደዚህ ቦታ የሚመጣ ልጅ ቶሎ ይሰለቻል። አሰልጣኞች የሚቆጥሩት ሌላ ነገር ነው። ወድቆ በስንት ሰከንድ ተነሳ? በ70ኛው ደቂቃ ሳንባው ሲቃጠል ወደሚቀጥለው ግጭት ሄደ ወይስ እጁን ወገቡ ላይ አድርጎ ቆመ? የጆንስን ጨዋታ ማየት የሚፈልግ ሰው ኳሱን ትቶ እሱን ብቻ ለአሥር ደቂቃ ይከተለው። ያኔ ይገባዋል።

«የእኔ ቁጥር ይሄ ነው» ብሎ መድረቅ

ጆንስ ከዓለም ምርጥ ሎኮች አንዱ ተብሎ ነው የሚታወቀው። ሎክ በስክረሙ ሁለተኛ ረድፍ ላይ የሚቆመው፣ 4 ወይም 5 ቁጥር ለባሹ ነው። የመጀመሪያ የብሔራዊ ቡድን ጨዋታውን ግን በዚህ ቦታ አልተጫወተም። ሰኔ 2006 ዌልስ ከአርጀንቲና ጋር ስትጫወት 6 ቁጥር ለብሶ ፍላንከር፣ ማለትም በስክረሙ ጎን የሚቆም ተጫዋች፣ ሆኖ ነው የገባው። ጨዋታው የተደረገው በፖርቶ ማድሪን ነበር። ይህች ከተማ በ1865 ከዌልስ በመርከብ የተሰደዱ ቤተሰቦች ያረፉባት የፓታጎንያ ወደብ ናት። ከዌልስ ያን ያህል ርቆ፣ የዌልስ ዘር ባለበት ምድር መጀመሩ ሁሌም ደስ ይለኛል።

የ20 ዓመቱ ልጅ «እኔ ሎክ ነኝ» ብሎ ቢያንገራግር ኖሮ ያ በር በዚያ ሰኔ አይከፈትለትም ነበር። ዛሬም ያው ነው። ተቀያሪ ወንበር ላይ ያሉት ጥቂት ናቸው። ሁለት ቦታ የሚሸፍን ፎርዋርድ ለአሰልጣኙ እንደ ሁለት ሰው ነው።

ከቴክኒኩ በፊት ጡንቻውን ማስቀደም

ወጣቶች ጂም ይወዳሉ። ጂም ቁጥር ያሳያል። ትናንት 120 ኪሎ፣ ዛሬ 125። ዝቅ ብሎ ታክል መግባት (ኳስ የያዘን ሰው ይዞ መጣል)፣ ጭንቅላትን ከተጋጣሚው ትክክለኛ ጎን ማዋል፣ ስክረም ላይ ጀርባን ቀጥ አድርጎ መያዝ ግን ቁጥር የለውም። ስለዚህ ይዘለላል። ያልተማረ 120 ኪሎ ግን ለራሱም ለሌላውም አደጋ ነው። አንገት ያለ ቦታው ሲውል የሚመጣውን ጉዳት ጂም አያድነውም።

እግረ መንገዴን ስለ ጡንቻ ማጎልበቻው ዱቄትም ልናገር። ብዙ ልጅ በኢንተርኔት ያየውን ማሟያ ገዝቶ ይወስዳል። የፀረ ዶፒንግ ሕግ ደግሞ «አላወቅኩም ነበር» የሚለውን ነፃ መውጫ አያደርገውም። ሰውነትህ ውስጥ የተገኘው ነገር ኃላፊነቱ የአንተ ነው። ሆን ብለህ ነው ከተባለ እስከ አራት ዓመት ትታገዳለህ። አራት ዓመት ለአንድ ፎርዋርድ የዕድሜው ግማሽ ሊሆን ይችላል። ለቡድኑ ሐኪም ያላሳየኸውን ነገር አፍህ ውስጥ አታስገባ።

አሥሯን ደቂቃ መናቅ

የካቲት 2010፣ የእንግሊዝ ሜዳ ትዊክናም። ዌልስና እንግሊዝ 3 ለ 3 ናቸው። ጆንስ ከእረፍት በፊት የእንግሊዙን ሁከር (በስክረሙ የፊት ረድፍ መካከል የሚቆመውን) ዲላን ሃርትሊን በእግሩ ጠልፎ ጣለው። ቢጫ ካርድ፣ የአሥር ደቂቃ ቅጣት። ተመልሶ እስኪገባ እንግሊዝ 17 ነጥብ አስቆጠረች። ጨዋታው 30 ለ 17 አለቀ። አሰልጣኙ ዋረን ጋትላንድ በአደባባይ ወቀሰው።

በራግቢ ቢጫ ካርድ እንደ እግር ኳስ ማስጠንቀቂያ ብቻ አይደለም። ለአሥር ደቂቃ ቡድንህን አንድ ሰው ታጎድልበታለህ። የጎደለው ፎርዋርድ ከሆነ ስክረሙም ላይንአውቱም ይናጋል። የዚያ ቀን ጥፋት ጭካኔ አልነበረም። ድካምና ንዴት የተቀላቀሉበት የአንዲት ሰከንድ ነገር ነው። በእንዲህ ያለ ቀን ሀገር ይወቅስሃል፣ ጋዜጣው ይወቅስሃል። እሱ አልተሰበረም፣ አላኮረፈምም። በ2017 የዌልስ ቋሚ አምበል ሆነ። በ2019 በስድስቱ ሀገራት ውድድር ሁሉንም ጨዋታ አሸንፈው፣ ማለትም ግራንድ ስላም ሲወስዱ፣ አምበሉም የውድድሩ ኮከብ ተጫዋችም እሱ ነበር።

ሌላው ካርድ የሳም ዋርበርተን ነው። ጥቅምት 2011፣ ኦክላንድ፣ የዓለም ዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ። የ23 ዓመቱ የዌልስ አምበል የፈረንሳዩን ቨንሳን ክሌርን ከፍ አድርጎ ጣለው፤ ሰውየው በትከሻው በኩል ወረደ። ገና 20 ደቂቃ አልሞላም፣ ቀይ ካርድ ወጣ። ዌልስ 9 ለ 8 ተሸነፈች። ዋርበርተን ክፉ ተጫዋች አልነበረም። ሕጉ ግን ልብህን አይመረምርም፤ ያነሳኸው ሰው እንዴት አረፈ ነው የሚለው። ስለዚህ ጉልበት ያለው ልጅ ሰው ማንሳትን ብቻ ሳይሆን ማውረድንም ይለማመድ።

ጭንቅላት ተመትቶ «ደህና ነኝ» ማለት

ይህ ከሁሉም የከፋው ነው። ረዘም አድርጌ ልጻፈው።

ራግቢ ላይ ህመም መቻል የሙያው አንድ ክፍል ነው። ጣት ይወልቃል፣ ይታሰራል፣ ልጁ ይመለሳል። ቅንድብ ይተረተራል፣ ይሰፋል፣ ይመለሳል። ችግሩ ይህ ልማድ ወደ ጭንቅላት ሲዞር ነው። የተጎዳ ጣት እንደተጎዳ ይነግርሃል። የተናወጠ አንጎል ግን አይነግርህም። «ደህና ነህ?» ተብሎ ሲጠየቅ መልስ የሚሰጠው ራሱ የተጎዳው ነው።

ሪያን ጆንስን የዌልስ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። ለኦስፕሪስ ክለብ ከአሊን ዊን ጋር አብሮ የተጫወተ፣ በ2008ቱ ግራንድ ስላም አምበል የነበረ፣ 75 ጊዜ ለሀገሩ የተሰለፈ ፎርዋርድ ነው። በ2022፣ በ41 ዓመቱ፣ ያለ ዕድሜው የመርሳት በሽታ እንደተገኘበት ተናገረ። ከእሱ በፊት ሌላው ፎርዋርድ አሊክስ ፖፕሃም ተመሳሳይ ነገር ተነግሮት ነበር። ፖፕሃም 33 ጊዜ ለዌልስ የተጫወተ፣ ወደ ሰው በሙሉ ኃይሉ በመግባት የታወቀ ነው። ገና በአርባዎቹ መባቻ ላይ፣ ልጆች በሚያድጉበት ዕድሜ።

ሰዎች የሚያስቡት ያቺን በቴሌቪዥን የምትታየውን፣ ተጫዋች ራሱን የሚስትበትን ግጭት ነው። የፎርዋርድ አደጋ ግን ትናንሾቹም ናቸው። በየጨዋታው፣ ከዚያም በላይ በየልምምዱ፣ የሚደጋገሙት። አንዷ ብቻዋን ስም የላትም። ዓመታት ሲጠራቀሙ ነው የሚታዩት። ስለዚህ ልምምድ ላይ ሙሉ ግጭት መቀነስ ፍርሃት አይደለም።

ዛሬ ሕጉ ከድሮው ይሻላል። የተጠረጠረ ተጫዋች ወጥቶ በሐኪም ይፈተናል፤ ምልክቱ ግልጽ ከሆነ አይመለስም። ከ2022 ጀምሮ በከፍተኛ ደረጃ የሚጫወቱና አእምሯቸው የተናወጠ አብዛኞቹ ተጫዋቾች ቢያንስ 12 ቀን ያርፋሉ። ከ2024 መጀመሪያ ጀምሮ ደግሞ ግጭቱን የሚለካ መሣሪያ የተገጠመለት የጥርስ መከላከያ በትልልቆቹ ውድድሮች ሥራ ላይ ውሏል። ተጫዋቹ ቢደብቅም መሣሪያው ለሐኪሙ ይናገራል።

ያም ሆኖ ብልጠት አለ። ዓመቱ ሲጀምር እያንዳንዱ ተጫዋች የማስታወስና የትኩረት ፈተና ይወስዳል፤ በኋላ ሲመታ ከዚያ ጋር ነው የሚነጻጸረው። አንዳንዱ ሆን ብሎ ያንን የመጀመሪያ ፈተና ዝቅ አድርጎ ይሠራል፣ በኋላ ቢጎዳም እንዲያልፍ። ይህን ስሰማ ሆዴን ባር ባር ይለዋል። ልጁ ያታለለ የሚመስለው ሐኪሙን ነው። ሒሳቡን የሚከፍሉት ግን የአርባ ዓመቱ እሱና ሚስቱ ናቸው።

አንድ የተሳሳተ እምነትም አለ። ፎርዋርዶች የሚያጠልቁት ለስላሳው የጭንቅላት ቆብ ጆሮን ከመቀደድ፣ ቆዳን ከመሰንጠቅ ያድናል። አንጎል ከመናወጥ አያድንም። ለልጃቸው ቆቡን ገዝተው ተረጋግተው የሚቀመጡ ወላጆች ይህን ቢያውቁ ጥሩ ነው። ማዞር፣ ማቅለሽለሽ፣ ብርሃን መጥላት፣ ያለ ወትሮ መነጫነጭ ከታየ ጨዋታው በዚያው ይቁም። ሳይቃጠል በቅጠል።

የ2021ን ትከሻ አሳስቶ ማንበብ

ሰኔ 2021 ጆንስ የላየንስ አምበል ሆኖ ከጃፓን ጋር ኤዲንብራ ላይ ተጫወተ። አሥር ደቂቃ እንኳ ሳይሞላ ትከሻው ወለቀ። ቡድኑ ያለ እሱ ወደ ደቡብ አፍሪካ በረረ። ሁሉም አበቃለት አለ። ከሦስት ሳምንት በኋላ ኬፕታውን ላይ ሜዳ ገባ፤ ከዚያም ከደቡብ አፍሪካ ብሔራዊ ቡድን ጋር የተደረጉትን ሦስቱንም የቴስት ጨዋታዎች በአምበልነት መራ። ተከታታዩን 2 ለ 1 ተሸንፈዋል።

ታሪኩ ድንቅ ነው። ግን ብዙ ወጣት ከዚህ የሚወስደው «ችሎ መመለስ» የሚለውን ነው። ተሳስቷል። ሰውየው ምርጥ ሐኪሞችና ፊዚዮቴራፒስቶች ቀን በቀን እየለኩት ነው የተመለሰው። የ35 ዓመት ሰው ነበር፤ የቀረውን ዕድሜ አስልቶ ለመጨረሻው ላየንስ ጉዞው ራሱን የሰጠ። የ19 ዓመት ልጅ በሦስት ሳምንት ቢመለስ ሊያጣ የሚችለው 15 ዓመት ነው።

ውሉን ሳያነቡ መፈረም

የፈረንሳይና የእንግሊዝ ክለቦች ከዌልስ የተሻለ ይከፍላሉ። ለመሄድ መፈለግ ነውር የለውም፣ እንጀራ ነው። ነገር ግን ዌልስ ከ2017 ጀምሮ ከሀገር ውጭ የሚጫወት ሰው 60 ጊዜ ካልተሰለፈ በቀር ለብሔራዊ ቡድን አይመረጥም የሚል ደንብ ነበራት። ሪስ ዌብ፣ ፎርዋርድ ባይሆንም፣ ወደ ፈረንሳዩ ክለብ ቱሎን ለመሄድ ተስማምቶ ደንቡ ሲመጣ ከብሔራዊ ቡድን ተዘጋበት። በ2023 ቁጥሩ ወደ 25 ወረደ። ያም የሆነው ተጫዋቾቹ በውል ጉዳይ ተማረው ከእንግሊዝ ጋር ያለውን ጨዋታ እስከ ማቆም ሲደርሱ ነው። በዚያ ዓመት ብዙዎቹ ውላቸው ሊያልቅ ወራት ቀርቷቸው አዲስ ነገር በእጃቸው አልነበረም።

ስለዚህ ደመወዙን ብቻ ሳይሆን «ብጎዳ ስንት ወር ይከፈለኛል?» የሚለውን ጠይቅ። የክለቡ ሰው ፊቱን ቢያጠቁርም ጠይቅ።

ትምህርቱን «በኋላ» ማለት

ጆንስ እየተጫወተ በስዋንሲ ዩኒቨርሲቲ ሕግ ተማረ። በ2010 ተመረቀ፣ ያ የቢጫ ካርድ ዓመት። ሌላ ማብራሪያ አያስፈልገውም።

ሰውነት ሁሉንም ይነግረኛል ብሎ ማመን

ጆንስ ለዌልስ የመጨረሻ ጨዋታውን መጋቢት 2023 ፓሪስ ላይ አደረገ። ግንቦት ላይ በ37 ዓመቱ መሰናበቱን አሳወቀ። ከዚያ ለአጭር ጊዜ ወደ ቱሎን ሄደ። ክለቡ አዲስ ገቢን ሁሉ እንደሚመረምር መረመረው። የልብ ምቱ የተዛባ ሆኖ ተገኘ። ያን ሁሉ ዓመት በሐኪም ተከብቦ የኖረ፣ የዓለምን ከባድ ስፖርት የሚጫወት ሰው ነው። በኋላ ራሱ ሌሎችም እንዲመረመሩ ብሎ ታሪኩን በይፋ ተናገረ። ያ ምርመራ ለብዙ ተጫዋች ፈርሞ የሚያልፈው ወረቀት ነው።

ዋርበርተን በ29 ዓመቱ፣ ጉዳት በጉዳት ላይ ተደራርቦበት፣ ሰውነቴ እንቢ አለኝ ብሎ ቆሟል። ያን ማለት መቻሉንም እንደ ትልቅ ጨዋታ ነው የማየው። ጆንስ በኅዳር 2023 መጀመሪያ፣ በ38 ዓመቱ፣ ካርዲፍ ስታዲየም ላይ ለመጨረሻ ጊዜ ታየ። የለበሰው የዌልስን ቀይ አልነበረም፤ ከየሀገሩ ተጠርተው የሚሰለፉ ተጫዋቾች ቡድን የሆነውን የባርባሪያንስን ጥቁርና ነጭ ማሊያ ለብሶ ተጋጣሚው ዌልስ ነበረች።